ስትተከል የሴት፣ ስትመራ የወንድ?

«ሴት ጳጳስ? ፈረንጅ ደግሞ የማያመጣው ነገር የለም!»

እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2025 ሣራ ሙላሊ የካንተርበሪ ሊቀ ጳጳስ ሆነው መሰየማቸው ሲሰማ በእኛ አገር ወንጌላውያን መካከል ከተሰሙት አስተያየቶች አንዱ ይህ ነው። ሴትየዋ ማን ናቸው፣ ከየት ተነሡ፣ ምን ሠሩ ብሎ የሚጠይቅ ግን ብዙም የለም። ፍርዱ ከጥያቄው ቀደመ።

ነርስ ነበሩ። የካንሰር ሕሙማንን ሲያስታምሙ ኖረው፣ በ1999 ገና በ37 ዓመታቸው በእንግሊዝ መንግሥት ውስጥ የነርሶች ሁሉ የበላይ ኃላፊ ሆኑ። በ2001 ዲቁና ተቀበሉ፤ በ2015 ጳጳስ፣ በ2018 የለንደን ጳጳስ ሆኑ። አውግስጢኖስ በ597 ካንተርበሪ ከደረሰ ጀምሮ ወንድ ብቻ የተቀመጠበት መንበር ነው አሁን ለእርሳቸው የተሰጠው።

እሺ፣ እንግሊዝ ሩቅ ናት እንበል። የፈረንጅ ጉዳይ ነው ብለን እንተወው። አፍሪካንስ ምን እንበላት?

ኤሊና ዋሙኮያ የኢስዋቲኒ ሴት ናቸው። ኢስዋቲኒ በንጉሥ የምትገዛ፣ ባህሏን አጥብቃ የያዘች ትንሽ አገር ናት። ዋሙኮያ ጳጳስ ከመሆናቸው በፊት የማንዚኒን ከተማ ማዘጋጃ ቤት በሥራ አስኪያጅነት መርተዋል፤ ማለትም ስለ ውኃ፣ ስለ ቆሻሻ፣ ስለ መንገድና ስለ በጀት የሚያውቁ ሰው ነበሩ። በኖቬምበር 2012 ተሾሙ፤ በአፍሪካ የመጀመሪያዋ ሴት የአንግሊካን ጳጳስ ሆኑ። በጃንዋሪ 2021 በኮቪድ አረፉ። ታዲያ የአገራቸው ምእመናን «አንዴ ሞከርነው፣ ይበቃል» አሉ? አላሉም። በምትካቸው የመረጡት ሌላ ሴት ነው፤ ዳልሲ ድላሚኒ።

ወደ ቤታችን እንቅረብ። በጎረቤት ደቡብ ሱዳን ኤልሳቤጥ አውት ንጎር በ2016 መጨረሻ በሩምቤክ ረዳት ጳጳስ ሆኑ። በኬንያ በ2021 ኤሚሊ ኦንያንጎ በቦንዶ ረዳት ጳጳስ፣ በዚያው ዓመት ሮዝ ኦኬኖ የቡቴሬ ሀገረ ስብከት ጳጳስ ሆኑ። የለንደን መጤ ናቸው? የሩምቤክ ከብት አርቢ እናት ከየትኛው ፈረንጅ ኮርጃ ነው ጳጳስ የተሾመላት?

ስለዚህ «የፈረንጅ ነገር ነው» የሚለው መከራከሪያ እዚህ ላይ ይወድቃል። እንዲያውም ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። ሴት መድረክ ላይ አትቆምም የሚለው ልማድ ራሱ ከሚሲዮን ጋር የመጣ ነው ቢባል ብዙ የሚያስኬድ ማስረጃ አለ። ወደ ወላይታ በ1928 የገቡት ሚሲዮናውያን ይዘውት የመጡት የቤተ ክርስቲያን አመራር የወንዶች ሽማግሌዎች ጉባኤ ነበር። በዚያው ሚሲዮን ያላገቡ ፈረንጅ ሴቶች ያስተምሩ፣ ክሊኒክ ይመሩ፣ መጽሐፍ ቅዱስ ያስጠኑ ነበር። ፈረንጇ ስታስተምር «አገልግሎት»፤ የጨንቻ ሴት ስታስተምር «ሥርዓት መጣስ» የሆነው በየትኛው ጥቅስ ነው?

ጋሞ ሴት መሪ አያውቅም የሚሉም አሉ። ዲታን ይጠይቁ። ጭማቴ ጩምባሎ በጃንሆይ ዘመን በዲታ ሕዝብ የመሩ፣ በመንግሥትና በሕዝባቸው መካከል ቆመው የሠሩ ሴት ናቸው። አሜሪካዊቷ ተመራማሪ ጁዲት ኦልምስቴድ የሕይወታቸውን ታሪክ በ1997 በመጽሐፍ አሳትማዋለች። ባዕድ መጥታ የጻፈችላቸውን ሴት የገዛ ልጆቻቸው ሳያውቁ «ባህላችን አይፈቅድም» ማለት ባህልን መጠበቅ ሳይሆን ባህልን አለማወቅ ነው። እርግጥ በዱቡሻ የሚቀመጡት በአብዛኛው ወንዶች ናቸው፤ ይህ አይካድም። ሆኖም አንድ ሕዝብ ልማዱ አንድ ነገር ሲል ታሪኩ ሌላ የሚልበት ጊዜ አለ። ወንጌል አምናለሁ የሚል ሰው ደግሞ ብዙ ልማድ ትቶ ነው ያመነው፤ ይህን አንዱን ብቻ ለምን እንደ ቅርስ ታቀፈው?

አሁን ወደ ዋናው ክርክር። የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ስለ ክህነት የራሷ ሥርዓትና ትውፊት አላት፤ ክርክሩ ከእርሷ ጋር አይደለም። ክርክሩ «መጽሐፍ ቅዱስ ብቻ» ከሚሉት ጋር ነው። እነርሱ ጳውሎስ ለጢሞቴዎስ የጻፈውን ያነሣሉ፤ ሴት እንድታስተምር አልፈቅድም ያለበትን። መልካም። እዚያው ምዕራፍ ላይ፣ ከጥቂት ቁጥሮች በፊት፣ ስለ ሹሩባና ስለ ወርቅ ጌጥ የተጻፈም አለ። እሁድ ጠዋት አርባ ምንጭ ውስጥ ሹሩባ የተሠራች ዘማሪ ከመድረክ የሚያወርድ ሽማግሌ አለ? የለም። «ያኛው የዘመኑ ባህል ነው፣ ይኼኛው የዘላለም ሕግ ነው» ይላሉ። ልዩነቱን ማን ሰጠ? ሽማግሌዎቹ። ሽማግሌዎቹስ እነማን ናቸው? ወንዶች።

ያው ጳውሎስ በሮሜ 16 ፌቤን አገልጋይ ይላታል፤ ጵርስቅላን የሥራ ባልደረባው አድርጎ ከባሏ አስቀድሞ ይጠራታል፤ ዩንያንም ከሐዋርያት ጋር አንሥቶ ያመሰግናል። ይህን ምዕራፍ በስብከት የሰሙ ስንት ናቸው?

ደግሞም ሥራው እየተሠራ ነው። ወንጌላውያን ከወላይታ ተነሥተው ወደ ጋሞና ጎፋ ሲሻገሩ ሚስቶቻቸው አብረው ሄደዋል፤ ባል ሲታሰር ቤቱንም ጉባኤውንም የያዘችው ማን ነበረች? ዛሬም በየገጠሩ የጸሎት ቡድን የምትጀምረው፣ ጾም የምታውጀው፣ በሽተኛ የምትጠይቀው፣ ለቆርቆሮ ገንዘብ የምትለምነው ሴት ናት። ጉባኤው በእሷ ሳሎን እያለ «እናታችን» ናት። ጣሪያው ቆርቆሮ ሲለብስ መጋቢ ይመጣል፤ እሷ ወደ ሻይ ማፍላት ትመለሳለች። ቤተ ክርስቲያን ስትተከል የሴት፣ ስትመራ የወንድ!

የዶርዜ ሰው ይህን ከማንም በላይ ያውቀዋል። ጥጡን ሴት ትፈትላለች፣ ወንድ ይሸምናል። ጋቢው ገበያ ሲወጣ «የሸማኔው እጅ ይባረክ» ይባላል። ፈታይዋ ግን እንዝርቷን ብታስቀምጥ ሸማኔው ጉድጓዱ ውስጥ ተቀምጦ ባዶ መቃ ሲያንኳኳ ይውላል።

በታሪክም እንዲሁ ነው። የኦሮምኛው መጽሐፍ ቅዱስ በ1899 ሲታተም የሚጠራው ስም ኦኔስሞስ ነሲብ ነው፤ ይገባዋልም። ወደ 15,000 ቃላት ያሰባሰበችለት ግን አስቴር ጋኖ ናት። ከባርነት ነጻ የወጣች ሴት ያሰባሰበችው ቋንቋ ነው በየመድረኩ የሚነበበው፤ እርሷ ብትኖር በስንቱ መድረክ ላይ እንድታነብበው ይፈቀድላት ነበር?

«ስልጣን ፈላጊነት ነው» የሚሉም አሉ። ስልጣን ማለት ምን እንደሆነ አርባ ምንጭ አንድ ጊዜ አይታለች። በመስከረም 2011 ዓ.ም. ከቡራዩ የሞት ዜና ሲመጣ ወጣቱ ለበቀል ተነሣ፤ የጋሞ አባቶች እርጥብ ሳር ይዘው ፊቱ ተንበረከኩ፤ ከተማዋም ከእሳት ተረፈች። ተንበርክኮ የሚያድን ስልጣን ለጾታ አይደለም የተሰጠው።

የመጨረሻው ነጥብ ከማዕረግ ይበልጣል። በባሏ የተደበደበች ሴት ለቤተ ክርስቲያን ስታመለክት የሚቀበሏት እነማን ናቸው? አምስት፣ ስድስት ወንድ ሽማግሌዎች። አንዳንዶቹ የባሏ ወዳጆች ናቸው። እነርሱ ፊት ገላዋ ላይ ያለውን ጠባሳ እንዴት ታሳያለች? «ታገሺ፣ ጸልዪ» ተብላ ትመለሳለች። አንዲት ሴት በዚያ ወንበር ላይ ብትኖር ጥያቄው ይለወጥ ነበር። ሴት በአመራር ትኑር ማለት ይህ ነው፤ የቀሚስና የቀለበት ነገር አይደለም።

አይቻልም የሚል ካለ መካነ ኢየሱስን ይመልከት። እ.ኤ.አ. በ1997 ሴቶች እንዲካኑ ወሰነች፤ በ2000 ቄስ በኩሬ ዳባ የመጀመሪያዋ ሆኑ። ሰማይ አልተደፋም፤ ቤተ ክርስቲያኒቱም አልፈረሰችም። ሥራው አልቋል ማለት ግን አይደለም፤ ውሳኔ በወረቀት ማጽደቅና አጥቢያ «ሴት ቄስ ላኩልን» እንዲል ማድረግ ለየቅል ናቸው። አንግሊካኖችም ቢሆኑ ገና ይከራከራሉ፤ ሙላሊን አንቀበልም ያሉ የአፍሪካ ሊቃነ ጳጳሳት አሉ። በእኛው ጋምቤላ የአንግሊካን ጉባኤዎችን በየመንደሩ የሚያቆሙት የማዘርስ ዩኒየን እናቶች ናቸው፤ አንዲት ሴት ጳጳስ ግን ኢትዮጵያ የላትም።

ስለዚህ ነገ ጳጳስ ሹሙ የሚል የለም። ሦስት ነገር ግን ዛሬ ይቻላል። በየአጥቢያው የሽማግሌዎች ጉባኤ ሴቶች በድምፅ ይግቡ። ከመጽሐፍ ቅዱስ ትምህርት ቤት የተመረቀች ሴት እንደ ወንዱ ምድብና ደሞዝ ይሰጣት። የትዳር ክስ ሴት በሌለችበት ጉባኤ አይታይ።

ይህንንም «የፈረንጅ ነው» የሚል ካለ፣ በመጪው እሁድ ወንበሮቹን ይቁጠር። ከግማሽ በላይ የተቀመጡት እነማን ናቸው? ከፊት ያሉትን ወንበሮችስ የያዙት እነማን ናቸው?