ለኤሪክ ካምቤል፦ የዘገየ ምስጋና

ውድ ጋሼ ኤሪክ፣

ይህ ደብዳቤ ከመቶ ዓመት በላይ ዘግይቶብሃል። ልጅ ሳለሁ አባቴ የቻርሊ ቻፕሊንን የቪዲዮ ካሴት ተከራይቶ መጣ። አያቴ ፊደል አልቆጠረችም፤ ድምፅ አልባው ፊልም ግን ከማናችንም እኩል ገባት። መሀል ላይ «ያ ግዙፉ ሰውዬ ማን ይባላል?» ብላ ጠየቀችኝ። «እሱ እንኳ ዝም ብሎ ነው» አልኳት። ያቺ መልስ ዛሬም ታሳፍረኛለች። ስለዚህ ያለብኝን ዕዳ አንድ በአንድ ልቁጠርልህ።

በመጀመሪያ ስለ ቁመናህ አመሰግንሃለሁ። ቁመትህ ወደ ሁለት ሜትር ይጠጋ ነበር፤ የቻርሊ ትንሽነት ዓይን የገባው አንተ አጠገቡ ስለቆምክ ነው። እ.ኤ.አ. በ1916 እና በ1917 ቻርሊ ለሚውቹዋል የፊልም ኩባንያ ከሠራቸው 12 አጫጭር ፊልሞች በ11ዱ አለህ። አንተ በሌለህበት በአንዱ፣ ቻርሊ ሰክሮ ቤቱ ይገባና ከደረጃው፣ ከሰዓቱና ከአልጋው ጋር ሲታገል ያመሻል። ያንን ባየሁ ቁጥር አንተን ቢያጣ ከዕቃ ጋር ተጣላ እላለሁ።

ሁለተኛው ዕዳዬ ለመሸነፍ ስላወጣኸው ጉልበት ነው። «ኢዚ ስትሪት» በተባለው ፊልም ላይ የሰፈሩ ሁሉ ስጋት አንተ ነህ። አዲሱ ፖሊስ ቻርሊ ፊትህ ሲቆም፣ ጉልበትህን ልታሳየው የጋዝ መብራቱን ምሰሶ በእጅህ ታጎብጣለህ። እሱ ጀርባህ ላይ ዘሎ ጭንቅላትህን መብራቱ ውስጥ ከትቶ ጋዙን ይከፍትብሃል። ምሰሶው በእጅህ ሲጎብጥ ባናምን ኖሮ የትንሹ ሰው ድል ምን ጣዕም ይኖረው ነበር? ደካማ ሲያሸንፍ ማየት ለሚናፍቅ ሁሉ ያን ደስታ የሰጠኸው አንተ ነህ፤ ዋጋውም ያንተ መውደቅ ነበር።

ሦስተኛው ስለ ፍርሃት ነው። «ዘ ኢሚግራንት» ላይ የምግብ ቤት አስተናጋጅ ሆነህ፣ ሒሳቡ 10 ሳንቲም የጎደለበትን ተመጋቢ ከባልደረቦችህ ጋር ትደበድባለህ። ያን ያየው ስደተኛው ቻርሊ ኪሱን ይዳብሳል፤ አለችኝ ያላት አንዲት ሳንቲም ግን ጠፍታለች። እኔም በሰው አገር ሒሳብ እስኪመጣ ኪሴን የዳበስኩበት ቀን አለ። ያን ጊዜ ፊቴ ድቅን ያለው ያንተ ፊት ነበር። ስጋቴን ከእኔ በፊት ሌላ ሰው እንደቀመሰው አሳይተኸኛልና አመሰግንሃለሁ።

አራተኛውን በቃል ለመግለጽ ይከብደኛል። በቤተ ክርስቲያናችን ጥንታዊ ሥዕሎች ጻድቅ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ ይሣላል፤ ክፉ ሰው ግን በጎን፣ አንድ ዓይኑ ብቻ እየታየ ነው። አንተ ክፉን ስትጫወት ሁለቱንም ዓይኖችህን ሰጠኸን። ቅንድብህን እንደ ቀንድ ወደ ላይ አሹለህ ስታፈጥ እንኳ ከቁጣህ ሥር ድንጋጤና ግራ መጋባት ይነበባል። ለዚህ ይመስለኛል፣ «ኢዚ ስትሪት» ሲያበቃ ንጹሕ ልብስ ለብሰህ ከሚስትህ ጋር በጨዋነት ስትራመድ ንስሐህን ያለ ማመንታት የምንቀበለው። ክፉ የምንለው ሰው ሌላም ዓይን እንዳለው የተማርኩት ከአንተ ነው።

ለራስህ ግን ሕይወት አልራራችልህም። እ.ኤ.አ. በ1917 ሐምሌ ላይ ሚስትህን አጣህ። በዚያው ዓመት ታኅሣሥ 20 ሎስ አንጀለስ ውስጥ በመኪና አደጋ ስትሞት ገና 37 ዓመትህ ነበር። አመድህም ወሳጅ አጥቶ ከ30 ዓመት በላይ ቆየና፣ በ1952 በሮዝዴል መካነ መቃብር አረፈ። 11 ፊልም ሙሉ ዓለምን ያሳቀ ሰው ማረፊያ እንዲህ መዘግየቱን ሳነብ፣ የእኔም ምስጋና ከዘገዩት አንዱ መሆኑ ተሰማኝ።

አያቴ ዛሬ በሕይወት የለችም። ጥያቄዋን ግን አልረሳሁም። እማማ፣ ያ ግዙፉ ሰውዬ ኤሪክ ካምቤል ይባላል።

አክባሪህ