ስሙን እንጂ ሸክሙን አይደለም

ለገና ላይ ጋይንት፣ ነፋስ መውጫ፣ እናቴ ቤት ነበርን። ማታ ልጆቹን እሳት ዳር ሰብስባ በልጅነቴ የነገረችኝን ደገመችላቸው፦ ዓለም በግፍ ስትሞላ፣ ድኻ ፍርድ ሲያጣ፣ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ ከምሥራቅ ይነሣል፤ 40 ዓመት በሰላም ይገዛል። የፍካሬ ኢየሱስ ትንቢት ነው።

እንዲህ ያለ ተስፋ የእኛ ብቻ አይደለም። ሂንዱዎች አምላካቸው ቪሽኑ ጽድቅ በተጓደለ ቁጥር በሥጋ ይገለጣል ብለው ያምናሉ። ራማና ክሪሽና ሆኖ መጥቷል፤ አሥረኛው ካልኪ ደግሞ በነጭ ፈረስ ገና ይመጣል ይላሉ። ይህንንም ለልጆቻቸው ይተርኩላቸዋል።

የሰባት ዓመት ልጃችን ግን ስሙ ቴዎድሮስ ነው። የዚያን ዕለት እንቅልፍ እምቢ አለው። "የሚመጣው እኔ ነኝ እንዴ? ካልቻልኩስ?" አለኝ።

ሥራዬ ማርኬቲንግ ነው። ስም ቃል ኪዳን ነው እያልኩ ደንበኞችን አሳምናለሁ። ለልጃችን ስም ስናወጣ ግን ይህን አላሰብንም። የቋራው ካሳ ኃይሉ አስቦበታል፤ በየካቲት 1847 ዓ.ም. ደረስጌ ማርያም ሲነግሥ በዘመነ መሳፍንት የተማረረው ሕዝብ የሚጠብቀውን ስም አውቆ ወሰደ። 40 የተባለው ዘመን ግን 13 ዓመት ሆነ።

ጠዋት ለእናቴ ነገርኳት። ምንም ሳትል መኪና ውስጥ ገባች፤ ወደ ጨጨሆ ነዳን። ዳገቱ ላይ የልጁን እጅ ያዘች።

"ጋፋት የተሠራውን ሴባስቶፖልን ከደብረ ታቦር ወደ መቅደላ ሲወስዱት በዚህ በኩል አለፈ። በ1860 ዓ.ም. ነው፤ ወራት ፈጅቷል። ንጉሡ ብቻውን የጎተተው ይመስልሃል?"

"አይመስለኝም።"

"ገመዱን የያዘው ብዙ ሰው ነው። ደግሞ ንጉሡ መልካም ቢመኝም በቁጣው የቤጌምድርን ሰው አስለቅሷል፤ ጎንደርን አቃጥሏል። አንተ ስሙን ነው የወረስከው፣ ሸክሙን አይደለም።"

"ታዲያ እኔ ምን ልሥራ፣ እማማ?"

"ትናንት ከእህትህ የነጠቅከውን ኳስ መልስላት።"

መለሰላት። ማታም ተኛ።

ወላጆች፣ ታላላቅ ታሪኮችን ለልጆቻችን እንንገራቸው። ስለ ጀግናው ስንነግራቸው ገመዱን የጎተቱትንም፣ በጀግናው ያለቀሱትንም አንርሳ። ዓለምን ብቻቸውን እንዲያድኑ የምንጠብቅባቸው እንዳይመስላቸው። ለዛሬ የነጠቁትን ኳስ ከመለሱ ይበቃል።