አንድ ወንዝ ለሦስት ወገን ሲሰጥ

የውኃ ጠብ የሚፈነዳው በድርቅ ዓመት ቢሆንም መነሻው ውኃው የሚበቃ መስሎ በታየበት ጊዜ የተሰጠ ፈቃድ ነው። በአሜሪካ ኦሪገንና ካሊፎርኒያ ግዛቶች የሚፈሰው የክላማዝ ወንዝ ለዚህ ማሳያ ነው።

በወንዙ ራስጌ የሚኖሩት የክላማዝ ጎሳዎች እ.ኤ.አ. በ1864 ከመንግሥት ጋር ባደረጉት ውል ዓሣ የማጥመድ መብታቸውን አስከብረዋል። ከ1905 ጀምሮ ግን ያው መንግሥት የመስኖ ቦይ ዘርግቶ ገበሬዎችን አሰፈረ፤ ከሰፋሪዎቹም ከጦርነት የተመለሱ ወታደሮች ይገኙበታል። በ1908 ደግሞ በዚያው አካባቢ የአእዋፍ መጠለያ ከለለ። ሦስቱም በሕግ የተሰጡ ናቸው፤ ውኃው ግን አንድ ነው።

በ2001 ድርቅ ሲገባ ሊጠፉ የተቃረቡ ዓሦችን ለመጠበቅ ሲባል ለአብዛኞቹ የመስኖ ተጠቃሚዎች ውኃ ተዘጋ። ችግሩ 1 ሺህ 400 ያህል እርሻዎችን ነካ፤ የተቆጡ ሰዎችም የቦዩን በር በኃይል ከፈቱ። በቀጣዩ ዓመት ለመስኖ ውኃ ተለቀቀ። በመስከረም ወር ግን በወንዙ ግርጌ ውኃው ቀንሶና ሞቆ፣ ተጨናንቀው በነበሩት ዓሦች ላይ በሽታ በመዛመቱ ቢያንስ 34 ሺህ ዓሦች አለቁ። ጉዳቱ ኑሯቸውም ባህላቸውም በዓሣ ላይ ለተመሠረተው የዩሮክ ጎሳ ከባድ ነበር።

አንደኛው ዓመት ገበሬውን፣ ሁለተኛው ዓሣ አጥማጁን ከጎዳ በኋላ ወገኖቹ ለዓመታት ተደራድረው በ2010 ተስማሙ። ስምምነቱ ግን የሀገሪቱን ምክር ቤት ይሁንታ ሳያገኝ በ2015 መጨረሻ ፈረሰ። በ2024 አራት ግድቦች ፈርሰው ሲጠናቀቁ ሳልመን የተባለው ዓሣ ከመቶ ዓመት በላይ ወዳልደረሰበት የወንዙ ክፍል ተመለሰ። የፈረሱት ግድቦች ለኤሌክትሪክ እንጂ ለመስኖ የተሠሩ ስላልነበሩ የውኃ ክፍፍሉ ጥያቄ አሁንም አልተፈታም።

ከዚህ ለወረዳ አመራሮችና ለአርሶ አደሮች የሚተርፍ ትምህርት አለ። አዲስ ቦይ ከመቆፈሩ ወይም የውኃ መሳቢያ ሞተር ከመተከሉ በፊት በወንዙ ግርጌ ማን ያርሳል፣ ማን ከብት ያጠጣል፣ የትኛው ረግረግ ይኖራል ብሎ መመዝገብ ያስፈልጋል። ውኃ ሲጎድል ማን ምን ያህል እንደሚቀንስ መወሰን ያለበትም ወንዙ ሙሉ ሳለ ነው።

ስምምነቱም አስፈጻሚ ይሻል። በብዙ አካባቢ የውኃ አባቶች ተራ የማስያዝ ልምድ አላቸው፤ የመስኖ ውኃ ተጠቃሚዎች ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 841/2006 ደግሞ ለማኅበራቱ ሕጋዊ መሠረት ሰጥቷል። ሁለቱ ሳይገናኙ ከቀሩ ተራው የሚያዘው በዱላ ይሆናል።