ከፊልሙ የሚቀድመው ምስል፦ የቆዩ የፊልም ማስታወቂያዎች ለምን ይጠኑ?

እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹና በ1970ዎቹ በአነስተኛ በጀት እየተሠሩ በድብድብ፣ በወሲብና በአስፈሪ ትዕይንት ተመልካች ይስቡ ከነበሩት «ኤክስፕሎይቴሽን» ፊልሞች ብዙዎቹ ተረስተዋል። ማስታወቂያዎቻቸው ግን ዛሬም በፍቅር ይታያሉ። ኩዌንቲን ታራንቲኖና ሮበርት ሮድሪጌዝ እ.ኤ.አ. በ2007 ባወጡት «ግራይንድሃውስ» ውስጥ ላልተሠሩ ፊልሞች የተዘጋጁ የይስሙላ ማስታወቂያዎች ተካተው ነበር፤ ከእነዚህ አንዱ፣ «ማሼቴ»፣ በ2010 ሙሉ ፊልም ሆኗል።

የመስሕቡ ምንጭ ግልጽ ነው። ማስታወቂያ ታሪክ የመተረክ ግዴታ የለበትም፤ ኃይለኛ ምስሎችን ጎን ለጎን አሰልፎ በጎርናና ድምፅና በደማቅ ፊደል ተስፋ ይሰጣል፤ የቀረውን ተመልካቹ በምናቡ ይሞላዋል። ስለዚህም ሻጩ የገዢውን ፍላጎት እንዴት እንደገመተ ከፊልሙ ይልቅ ማስታወቂያው ያጋልጣል።

ጉዳዩ ለኢትዮጵያ ሩቅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1973 (1965 ዓ.ም.) ለእይታ የበቃው «ሻፍት ኢን አፍሪካ» በከፊል የተቀረጸው በኢትዮጵያ ሲሆን፣ አርቲስት ደበበ እሸቱም ተውኖበታል። ታሪኩ አፍሪካውያን ሠራተኞችን በሕገ ወጥ መንገድ ወደ አውሮፓ የሚያጓጉዝ ቡድንን ይመለከታል፤ ይህም ዛሬም ያልሻረ ቁስል ነው። ለገበያ ሲቀርብ ግን ከፊት የቆመው የስደተኛው ሠራተኛ መከራ ሳይሆን የሪቻርድ ራውንድትሪ ጀብዱ ነበር። በዚያው ዓመት፣ ከወሎ ተነሥቶ በደብረ ብርሃን በኩል ወደ አዲስ አበባ በሚያልፈው አውራ ጎዳና ዳር የተራቡ ወገኖች ተሰብስበው ነበር።

እንዲህ ያለው ማስታወቂያ አፍሪካውያንንና ሴቶችን የሚያዋርድ ርካሽ ነገር በመሆኑ ለድኅረ ምረቃ ጥናት አይመጥንም የሚል ተቃውሞ ይነሣል። ማዋረዱ እውነት ነው፤ ለጥናት የሚያበቃውም ይኸው ነው። ምስልን ከምስል አጋጭቶ ስሜትን የመቀስቀስ ስልት በሲኒማ አዳራሽ ተወስኖ አልቀረምና። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን የጆናታን ዲምብልቢን የወሎ ረሃብ ዘጋቢ ፊልም ከቤተ መንግሥት የድሎት ትዕይንቶች ጋር አቀናጅቶ አሳየ፤ በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። ዙፋኑን ያፈረሰው ቅንብሩ ብቻ ነው ማለት አይቻልም፤ ሆኖም ረሃቡ እውነት፣ ድሎቱም እውነት ሆኖ ሳለ፣ የተመልካቹን ፍርድ አስቀድሞ የመራው የሁለቱ መጣመር ነበር። የማስታወቂያን ሰዋስው ያላወቀ ተመራማሪ የዚያን ምሽት ሥርጭት በቅጡ ሊተነትን አይችልም።

የሰሜን ሸዋ ተመራማሪ ደግሞ መነሻው በደጁ ነው። እ.ኤ.አ. በ1841 ከሃሪስ መልእክተኞች ጋር ወደ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ የመጣው ሠዓሊ ዮሐን ማርቲን በርናትዝ አንኮበርንና አካባቢዋን ለአውሮፓ አንባቢ ሥሏል። ከእነዚያ ሥዕሎች እስከ «ሻፍት» ማስታወቂያ ድረስ አንድ ጥያቄ ሊጠየቅ ይገባል፦ ምን ተመረጠ? ምንስ ተቆርጦ ቀረ? የታሪክና የጋዜጠኝነት ትምህርት ክፍሎች የቆዩ ፖስተሮችንና የፊልም ማስታወቂያዎችን ሰብስበው እንደ ማንኛውም የታሪክ ሰነድ ቢያስተምሩባቸው፣ ተማሪው የዛሬውንም የምስል ጎርፍ በጥያቄ መመልከት ይለምዳል።