ከጊዜው የቀደመ ፍርድ

ሕፃን ከእናቱ ማኅፀን ወጥቶ የዚህን ዓለም ብርድ በቀመሰ ጊዜ፣ ከአንጎሉ ሥር ያለችው ንዑስ ዕጢ ታይሮይድን የሚያነቃቃውን ሆርሞን ወደ ደሙ አብዝታ ታፈስሳለች፤ ይህም ፍሰት በግማሽ ሰዓት ገደማ ከከፍታው ደርሶ በቀጣዮቹ ቀናት እየረገበ የሚሄድ ስለሆነ፣ ከተረከዙ በሚወሰድ የደም ጠብታ የሚደረገው ምርመራ የመጀመሪያው ቀን እስኪያልፍ ቢዘገይ የተሻለ መሆኑን ሊቃውንቱ ይመክራሉ። ከዚያ በኋላ የሆርሞኑ ልክ ተዛብቶ ሲገኝ በሐኪሙ ፊት ሁለት ጥያቄዎች ይቆማሉ፤ አንደኛው ሕፃኑ ዛሬ ታሟል ወይ የሚል ሲሆን፣ ሁለተኛው ሕመሙ ዕድሜ ልኩን አብሮት ይኖራል ወይስ ኀላፊ ነው የሚል ነው። ለመጀመሪያው ደሙ ራሱ ምስክር ነው፤ ለሁለተኛው ግን በአብዛኛው ከጊዜ በቀር ምስክር አይገኝለትም። እኔ የምቃወመው፣ ይህ ምስክር ሳይጠበቅ፣ ሕፃኑ ገና ከሆስፒታል ሲወጣ «ኀላፊ» የሚለውን ቃል በመዝገቡ ላይ አስፍሮ የሚያሰናብተውን ልማድ ነው።

ነገሩ በግልጥ የሚታየው በአሜሪካ ነው። በዚያ አገር እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 1 ቀን 2015 ጀምሮ በሥራ ላይ የዋለው አሥረኛው የበሽታዎች ምደባ፣ የታይሮይዱ ሥራ ያነሰበት ሕፃን ሕመሙ አብሮት የተወለደ ነው ከተባለና እንቅርት ከሌለው በኢ03.1፣ ኀላፊ ነው ከተባለ ደግሞ በፒ72.2 እንዲመዘገብ ያደርጋል፤ ሁለቱን ባንድነት መጻፍንም ይከለክላል። «ሕመሙ ተረጋግጧል፣ ዘመኑ ግን ገና አልታወቀም» ለሚለው ቅን መልስ ለአራስ ልጅ የተለየ ቦታ አልተዘጋጀም።

ከምደባው ይልቅ የሚከፋው የአመዘጋገቡ ደንብ ነው። ሆስፒታል ተኝቶ የታከመ ሰው ሲሰናበት ሐኪሙ «ምናልባት» ወይም «ይጠረጠራል» ብሎ የጻፈው ሕመም፣ እንደ ተረጋገጠ ተቆጥሮ ኮድ እንዲሰጠው ደንቡ ያዝዛል፤ በተመላላሽ ሕክምና ግን ይኸው ደንብ ተገልብጦ፣ በጥርጣሬ የተጻፈ በሽታ እንደ በሽታ እንዳይመዘገብ ይከለክላል። እንግዲህ «ኀላፊ ሳይሆን አይቀርም» ብሎ በጥንቃቄ የጻፈው ሐኪም፣ ጥንቃቄው ከኮድ ሰጪው ጠረጴዛ ላይ ተገፍፎ፣ «ኀላፊ ነው» ብሎ የፈረደ ሆኖ ይገኛል። ኮድ ሰጪው በዚህ አይወቀስም፤ የታዘዘውን ፈጽሟል። ለተጠረጠረው በሽታ የሚወጣው ድካም ለተረጋገጠው ከሚወጣው ጋር ስለሚቀራረብ ነው የሚለው የደንቡ ምክንያትም ለወጪ ስሌት በቂ ሊሆን ይችላል፤ በአንድ ሕፃን መጪ ዘመን ላይ ለመፍረድ ግን አይበቃም።

በእርግጥ ማለፉ ከምክንያቱ አስቀድሞ የሚታወቅ ሕመም አለ። የግሬቭስ በሽታ ያለባት እናት የምትወስደው መድኃኒት ወደ ጽንሱ ተሻግሮ ታይሮይዱን የገታው እንደሆነ፣ መድኃኒቱ ከደሙ ሲጠራ ሕመሙም ይርቃል፤ ከእናት የሚሻገሩ ፀረ እንግዳ አካላትም በወራት ውስጥ ይከስማሉ፤ ያለ ጊዜው የተወለደውን ሕፃን ቆዳ ለማንጻት የሚቀባው አዮዲን ሲበዛ፣ ወይም እንቅርት ለረጅም ዘመን በታወቀበት እንደ እኛ ደጋ ባለ አገር አዮዲን ሲጎድልም እንዲሁ ሊሆን ይችላል። ምክንያቱ ተመርምሮ በተገለጠበት ስፍራ «ኀላፊ» ማለት ሐሰት አይደለም። ዕጢው በቦታው ተገኝቶ ሥራው ብቻ በጎደለበት፣ ምክንያቱም ባልታወቀበት ሕፃን ግን፣ ተገቢው ሕክምና ሌቮታይሮክሲን በሁለት ሳምንት ውስጥ ጀምሮ ለአእምሮው ዕድገት ሲባል ሳያቋርጡ መስጠት ነው፤ የሕመሙ ማለፍ አለማለፍም እንደ ልማዱ የሚፈተነው፣ ልጁ ሦስት ዓመት ከሞላው በኋላ መድኃኒቱ በሐኪም ክትትል ለጥቂት ሳምንታት ቆሞ ደሙ ዳግመኛ ሲመረመር ነው።

የአራስ ሕፃናት ስኳር በሽታ ዕጣ ደግሞ ከዚህ ይልቅ ያሳዝናል። ፒ70.2 የተባለው ኮዱ ከኀላፊ ሕመሞች ርእስ ሥር ስለ ተቀመጠ፣ በወራት ውስጥ የሚለቀውም፣ እስከ ዕለተ ሞቱ ከሰውየው ጋር የሚኖረውም በዚያው ይጠራሉ። እ.ኤ.አ. በ2004 ምንጩ በኬሲኤንጄ11 ዘረ መል ላይ የተገኘው ዓይነት አብዛኛውን ጊዜ ዘላቂ ሲሆን፣ ብዙዎቹ ሕፃናት ኢንሱሊኑን ትተው በሰልፎኒልዩሪያ ክኒን ሊታከሙ መቻላቸው ታውቋል፤ ከስድስተኛው ክሮሞዞም መዛባት የሚመጣው ግን በሕፃንነት ጠፍቶ፣ በብዙዎቹ ላይ በጉርምስና ዘመን ይመለሳል። ርእሱ ለመጀመሪያው ፍጹም ስሕተት ነው፤ ሁለተኛውንም ወላጆቹ ፈጽሞ ያለፈ መስሏቸው ክትትሉን እንዲተዉ ያደርጋል።

ኮድ ለክፍያና ለቁጥር እንጂ ለሕክምና አይደለም የሚሉ ሰዎች ይህን ሁሉ እንደ ከንቱ ሥጋት ይቆጥሩታል። ነገር ግን ቤተሰቡ ከአንዱ ግዛት ወደ ሌላው ሲዛወር፣ ኢንሹራንሱም ሲለወጥ፣ ልጁን ከዚህ በፊት ያላየው ሐኪም አስቀድሞ የሚያገኘው በመዝገቡ አናት የተዘረዘሩትን የበሽታ ስሞች ነው፤ «ኀላፊ» የሚለውን አንብቦ፣ ልጁም ጤናማ መስሎ ከታየው፣ መድኃኒቱን ያለ ፈተና ለማቋረጥ ምን ያግደዋል? በሦስት ዓመት ውስጥ የሚገነባው አእምሮ ደግሞ ስሕተቱ እስኪታረም ድረስ ዕድገቱን አያቆይም።

ምደባውና ደንቡ እስኪታረሙ ድረስም መንገድ የለም አይባልም። እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 1 ቀን 2021 ወዲህ ፒ09.2 የተባለ፣ በአራስ ልጅ የሆርሞን ምርመራ ላይ የታየውን መዛባት ብቻ የሚናገር ኮድ አለ፤ ሕመሙ እስኪረጋገጥ በእርሱ መቆየት ይቻላል። ሕመሙ ከተረጋገጠ በኋላም ኮድ ሰጪው «ኀላፊ» የሚለውን ሲያገኝ ሐኪሙን በምን ምክንያት እንዳለው በጽሑፍ እንዲጠይቅ ይገደድ፤ ምደባውን የሚያዘጋጁትም ዘመኑ ላልታወቀ የአራስ ሕመም የራሱን ቁጥር ይስጡት፤ ፒ72.2 ደግሞ ምክንያቱ ለተገለጠለት፣ ወይም መድኃኒቱን ትቶ ደሙ ደኅና ሆኖ ለተገኘ ልጅ ብቻ ይጠበቅ።