ቃልና ምንጩ፤ «አፈጠጠ»

ወደ መሥሪያ ቤት ዘግይተው ሲገቡ አለቃዎ አንዲት ቃል ሳይናገሩ በዓይናቸው ብቻ ገሥጸዎት ያውቃሉ? ይህ የደረሰበት ሰው ሲያወራ አንዱ «አፈጠጡብኝ»፣ ሌላው «ገላመጡኝ»፣ ሦስተኛው «ዓይናቸውን አጉረጠረጡብኝ» ይላል። ሦስቱም የቁጣ ቃላት ናቸው፤ ትርጉማቸው ግን አንድ አይደለም።

የ«አፈጠጠ» ሥሩ «ፈጠጠ» ነው፤ ይኸውም ወደ ውጭ ወጣ ብሎ፣ ጎልቶ ታየ ማለት ነው። «ችግር ፈጦ መጣ» ስንል ቁጣ የለበትም። በፊቱ «አ» ሲጨመርበት ግን አድራጊውን ያመጣል። ውሃው ፈላ፣ ሴትዮዋ ውሃውን አፈላች እንደምንለው ሁሉ፣ ዓይኑ ፈጠጠ፣ ሰውየው ዓይኑን አፈጠጠ እንላለን። የደነገጠ ሰው ዓይኑ ሳይወድ ይፈጣል፤ የተቆጣ ግን ወዶ ያፈጣል። «አፈጠጠብኝ» በሚለው ውስጥ ያለችው «ብ» ደግሞ፣ «ፈረደብኝ» እንደሚባለው፣ ነገሩ በእኔ ላይ መሆኑን ታስረዳለች።

ሁለት ሰዎች እርስ በርሳቸው ሲያፈጡ «ተፋጠጡ» ይባላል፤ ስሙም «ፍጥጫ» ነው። ከሮጠ ሩጫ፣ ከመረጠ ምርጫ እንደ ወጣ፣ እዚህም «ጠ» ወደ «ጫ» ተለውጧል። «ገላመጠ»ም በዚሁ ሕግ «ግልምጫ»ን ይሰጣል። መገላመጥ ግን በንቀት ከጎን አይቶ ፊትን መመለስ ስለ ሆነ መልስ አይጠብቅም። ስለዚህ ፍጥጫ ሁለት ሰው ይፈልጋል፤ ለግልምጫ አንድ ሰው ይበቃል። ማጉረጥረጥ ምን እንደሚመስል ጉርጥን ያየ ሰው አይጠፋውም።

አማርኛችን ኀፍረትንም በዓይን ይለካል። ትሑቱን «ዓይን አፋር»፣ ኀፍረት የለሹን «ዓይን አውጣ» ይለዋል። «ፈጣጣ» የሚለው ስድብም ከዚያው ከፈጠጠ የመጣ ነው። እንግዲህ የሚያፈጥ ሰው ሌላውን ለማሳፈር ሲል ራሱ የዓይን አውጣን መልክ ይይዛል ማለት ነው።

ነገሩ የሰዋስው ብቻ አይደለም። በቃል የተገሠጸ ሰው መልስ ይሰጣል፤ በደብዳቤ የተቀጣም ይግባኝ ይላል። የተገላመጠ ሰው ግን ማስረጃ ስለሌለው፣ ጥፋቱን ሳያውቅ አንገቱን ደፍቶ ይሄዳል።

እርስዎም፣ ዛሬ ተማሪም ይሁኑ ጀማሪ ጸሐፊ፣ ነገ ከጠረጴዛው ወዲያ ይቀመጡ ይሆናል። ያን ጊዜ ከገጠር የመጡ አንድ ሽማግሌ ባለጉዳይ ማመልከቻቸውን ሳያሟሉ ቢያቀርቡልዎ፣ የጎደለውን በአፍዎ ይንገሯቸው። የጎደለው ምን እንደ ሆነ ግልምጫ አያስረዳም።