«መብራት» ብለን የጠራነው ኃይል



በአማርኛችን የኤሌክትሪክ ስሙ «መብራት» ነው። ሲቋረጥ «መብራት ሄደ» እንላለን፤ ሲመለስም ልጆች «መብራት መጣ!» እያሉ ሰፈሩን በጩኸት ይሞሉታል። በ1948 ዓ.ም. የተቋቋመው መሥሪያ ቤትም የመብራትና ኃይል ባለሥልጣን ይባል ነበር። ከዚያ ወዲህ ስሙ ተለዋውጦ በ2006 ዓ.ም. ለሁለት ቢከፈልም፣ ሕዝቡ ዛሬም «መብራት ኃይል» ማለቱን አልተወም። ስሙ ያለ ምክንያት አልወጣም፤ ኤሌክትሪክ ወደ ቤታችን የገባው በአምፖል በኩል ነውና። ለመሆኑ ከአምፖሉ አልፎ ወዴት ዘለቀ?

በሆሳዕና፣ በዱራሜና በሺንሺቾ በቅርብ ዓመታት የተሠሩትን ቤቶች እንመልከት። ብዙዎቹ ደቡብ አፍሪካ የሄዱ ልጆች በላኩት ገንዘብ የቆሙ ናቸው። ሳሎኑ ውስጥ ሰፊ ቴሌቪዥን፣ ጣራው ላይ ዲሽ፣ በየማዕዘኑም የስልክ ቻርጀር አለ። ወደ ጓሮ ዞር ስንል ግን ማድ ቤቱ በአሮጌ ቆርቆሮ የተከለለ፣ ግድግዳው በጥላሸት የጠቆረ፣ መካከሉ ላይም ሦስት ጉልቻ የተቀመጠበት ሆኖ እናገኘዋለን። ኤሌክትሪኩ እንግዳ የሚቀመጥበት ክፍል ደርሷል፤ እናት የምትውልበት ክፍል ግን ገና አልደረሰም። ይህን የምለው ቴሌቪዥን ለመንቀፍ አይደለም፤ ቅደም ተከተሉ እንዲታይልኝ ነው።

ኃይል ቤት መግባቱ ብቻውን የሴቲቱን ሸክም እንደማያቀል አሜሪካኖች ከእኛ ቀድመው አይተውታል። እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ አጋማሽ በዚያ አገር ከአሥር የገበሬ ቤቶች ዘጠኙ ያህል ኤሌክትሪክ አልነበራቸውም። መንግሥት እ.ኤ.አ. በ1935 የገጠር ኤሌክትሪክ መሥሪያ ቤት አቋቋመ፤ ገበሬዎችም በኅብረት ሥራ ማኅበር እየተደራጁ በብድር መስመር ዘረጉ። ካውያ፣ የልብስ ማጠቢያ ማሽንና ማቀዝቀዣ ተከታትለው ገቡ። ይሁን እንጂ ሩት ሽዋርትዝ ካዋን የተባለች የታሪክ ምሁር እ.ኤ.አ. በ1983 ባሳተመችው መጽሐፍ እንዳሳየችው፣ የቤት እመቤቷ የሥራ ሰዓት እንደታሰበው አልቀነሰም። ቀድሞ እንጨት የሚፈልጡት ባልና ወንድ ልጅ ነበሩ። ምድጃው ሲሻሻል እነርሱ ከመፍለጥ ተገላገሉ፤ እርሷ ግን ከማብሰል አልተገላገለችም። ማጠቢያ ማሽን ሲመጣ ደግሞ ልብስ ቶሎ ቶሎ መለወጥ ልማድ ሆነና እጥበቱ በዚያው ልክ በዛ።

በእኛ አካባቢ ነገሩ በተቃራኒው ነው። እንጨት በጀርባዋ ተሸክማ የምትመጣው አብዛኛውን ጊዜ ሴቷ ናት፤ እንሰት የምትፍቀውም፣ ቆጮ የምትጋግረውም እርሷ ናት። የአርባ ምንጭ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የእንሰት መፋቂያ ማሽን ሠርተዋል፤ ብዙ እናቶች ግን ዛሬም በቀርከሃ ይፍቃሉ። እንግዲህ እዚህ ምጣዱ ከእንጨት ወደ ኤሌክትሪክ ቢዞር መጀመሪያ የሚያርፈው የእናትና የሴት ልጅ ጀርባ ነው። ከጀርባም በላይ ሳንባ አለ። የዓለም የጤና ድርጅት እንደሚለው፣ እ.ኤ.አ. በ2020 ብቻ በቤት ውስጥ ጭስ የተነሳ በዓለም ዙሪያ 3.2 ሚሊዮን ያህል ሰዎች ሞተዋል። በረመዳን ሌሊት፣ ቤተሰቡ ሳይነሳ ለሱሑር እርጥብ እንጨት እፍ ስትል ዓይኗ የሚያለቅሰውን እናት የማያውቅ ቤት አለን?

ኃይሉ ከምንጩ ጠፍቶ ነው እንዳንል፣ ወንዙ የእኛው ጎረቤት ነው። በታኅሣሥ 2009 ዓ.ም. የተመረቀው ጊቤ ሦስት 1,870 ሜጋ ዋት የማመንጨት አቅም አለው፤ ውኃው የተኛውም በሀዲያና በከምባታ ጠምባሮ ምድር ግርጌ ጭምር ነው። በጳጉሜን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው የሕዳሴ ግድብ ደግሞ የ5,150 ሜጋ ዋት ነው። ችግሩ ያለው ከግድቡ እስከ ምጣዱ ባለው መንገድ ላይ ነው። ለተማሪዎቼ በፊዚክስ ክፍለ ጊዜ ይህን ሒሳብ አሠራቸዋለሁ፦ አንድ የኤሌክትሪክ ምጣድ 3,500 ዋት ገደማ ይስባል፤ ይህም ባለ 10 ዋት አምፖል 350 ማብራት ማለት ነው። ለአምፖል ታስቦ በተዘረጋ ቀጭን መስመር ላይ በዒድ ዋዜማ ሰፈሩ ሁሉ ምጣድ ሲጥድ ኃይሉ ይደክማል፣ ትራንስፎርመሩም ይጮሃል። ያን ጊዜ የመስጊዱም የቤተ ክርስቲያኑም ድምፅ ማጉያ እኩል ዝም ይላል፤ በዚህ እንኳ አንለያይም!

ከመስመሩ ሌላ አንድ እንቅፋት አለ፤ እርሱም በእጃችን ያለ ነው። ቤት ሲከራይ «ለመብራትና ለስልክ ብቻ፤ ምጣድ አይቻልም» የሚባል ውል አለ። አከራዩ ጨካኝ ስለሆነ ብቻ አይደለም። የቤት ታሪፍ ፍጆታው በጨመረ ቁጥር የአንዱ ኪሎዋት ሰዓት ዋጋ ከፍ እያለ የሚሄድ በመሆኑ፣ አምስት ቤተሰብ በአንድ ቆጣሪ ሲጠቀም ሁሉም በውድ ዋጋ ይከፍላል። ተከራይዋም ከሳሎኑ ቴሌቪዥን ጀርባ ከሰል ታነዳለች፤ ልጆቿም እዚያው ጭስ ውስጥ ያጠናሉ። እንደኔ እንደኔ፣ አዲስ ሰርቪስ ቤት የሚሠራ ሰው ከሴራሚኩ በፊት ለየቤቱ ቆጣሪ ቢያወጣ ይሻላል፤ እያንዳንዱ ቤት ከዝቅተኛው ታሪፍ ይጀምራልና።

ቆጣሪው እስኪገኝስ? እንጨት የሚያነዱ ሰዎች ከሲሚንቶና ከቀላል የእሳተ ገሞራ ድንጋይ የሚሠራውን «ምርጥ» የተባለ ምድጃ ቢይዙ፣ ከሦስት ጉልቻ ጋር ሲነጻጸር የእንጨቱን ግማሽ ያህል ሊያድንላቸው ይችላል። በአንድ ቆጣሪ የሚኖሩ ደግሞ በሒሳብ ይስማሙ። 3,500 ዋት የሚስብ ምጣድ አንድ ሰዓት ተኩል ቢሠራ 5.25 ኪሎዋት ሰዓት ነው፤ በሳምንት ሁለት ጊዜ ከሆነ በወር 42 ገደማ ይሆናል። የምትጋግረው እህት ምጣዱን ከመሰካቷ በፊትና ከነቀለች በኋላ የቆጣሪውን ቁጥር በደብተር ትጻፍ፤ በዚያ ሰዓት የሌላው ቤት ፍጆታ እንዳይቀላቀልባትም ጎረቤቶቿ ትልልቁን ዕቃ ነቅለው ይጠብቋት። ቀኑንም ይከፋፈሉ፤ አንዷ ሰኞ፣ ሌላዋ ማክሰኞ። ወንድ ልጅም ደብተሩን መያዝ ይችላል፤ ሊጡን ማቡካትም አያቅተውም።